ልጄ ከእኔ አፍ ትሰማለች

ልጄን ጅቡቲ ውስጥ የወለድኩ ዕለት አንድ መሐላ ማልኩ። ሀብታም ትሆናለች አላልኩም፣ ዶክተር ትሆናለች አላልኩም። የወር አበባዋ የሚመጣበት ቀን ብቻዋን አትሆንም፣ ስለ ሰውነቷ የሚነገራትን ነገር ሁሉ መጀመሪያ ከእኔ አፍ ትሰማለች አልኩ። አዋላጇ ምን እንደምለፈልፍ አልገባትም። ሶማሌ ናት፣ እኔ ደግሞ በአማርኛ ነው የምምለው። ግንባሬን ጠረገችልኝና ሄደች።

ሰው እንዲህ ያለ ነገር ይምላል ወይ እንዳትሉኝ። ናዝሬት ነው ያደግኩት። አሥራ ሦስት ዓመቴ ላይ አንድ ቀን ሽንት ቤት ገብቼ ደም አየሁና በቃ ሞትኩ አልኩ። ሰፈራችን ውስጥ ደም ሲፈሳት ሰንብታ የሞተች ሴት ነበረች፤ ትልልቆቹ በሹክሹክታ ሲያወሩ ሰምቼ ስለነበር ያ በሽታ ያዘኝ ብዬ ደመደምኩ። ሦስት ቀን ሙሉ አሮጌ ሻርፕ እየቀደድኩ፣ እግሬን ገጥሜ እየተራመድኩ፣ ለማንም ሳልተነፍስ ዋልኩ። ማታ ማታ ታናሽ እህቴን እያየሁ፣ ከሞትኩ በኋላ ጫማዬ ይበቃት ይሆን እያልኩ አስብ ነበር።

በአራተኛው ቀን እናቴ አወቀች። አቅፋኝ «አይዞሽ ልጄ፣ ሁላችንም ላይ ያለ ነው» አለችኝ? ኧረ ተዉኝ! ክንዴን ጨምድዳ ይዛ ወደ ጓዳ ጎተተችኝና «ከዛሬ ጀምሮ ወንድ አጠገብሽ እንዳይደርስ! ወንድ የተነሳበት ወንበር ላይ ሙቀቱ ሳይበርድ እንዳትቀመጪ!» አለችኝ። አለቀ። ትምህርቱ ይኸው ነው። አሮጌ አንሶላ ቀዳ ሰጠችኝ፤ ስታጥቢው ለብቻው፣ ስታሰጪው ከሌላ ልብስ ሥር፣ ፀሐይም ሰውም እንዳያየው። ምን እንደሆነ ግን አልነገረችኝም። እሷም የምታውቅ አይመስለኝም።

እኔ ደግሞ አምኜላት አረፍኩ። ያኔ ናዝሬት በጋሪ ነበር የምንሄደው። ወንድ የወረደበት ቦታ ላይ እንድቀመጥ ሲነገረኝ ደብተሬን አውጥቼ መቀመጫውን አራግባለሁ። ባለጋሪው ዞር ብሎ ያየኝና «ምን ትሆኛለሽ አንቺ፣ ምድጃ አደረግሽው እንዴ? ግቢ እንጂ!» ይላል። ፈረሱ ራሱ የታዘበኝ ይመስለኛል። ሁለት ዓመት ሙሉ እንዲህ ሳራግብ ኖርኩ።

ትምህርት ቤት አለ አይደል ትሉ ይሆናል። ኤዲያ! የሰባተኛ ክፍል የሳይንስ አስተማሪያችን ባቄላ እንዴት እንደሚበቅል ሁለት ሳምንት ያስተማረን ሰው ነው። ባቄላው ውኃ ይጠጣል፣ ባቄላው ያብጣል፣ ባቄላው ይሰነጠቃል። ስለ ባቄላ ያለ እፍረት የሚናገር ሰው ነበር። ምዕራፉ ሰው ላይ ሲደርስ ጠመኔውን አስቀመጠና ፊቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ «ይሄን ቤታችሁ አንብቡት፣ ፈተና ላይ አይመጣም» አለን። ቤት ስንሄድ መጽሐፉ ለሦስት ልጅ አንድ ነው፤ ያንን ገጽ ደግሞ ከእኛ በፊት የነበሩት ገንጥለው ወስደውታል። እነሱም ቢሆኑ የሚገባቸው ነገር ያገኙበት አይመስለኝም።

የኤድስ ዘመን ነበርና ጠዋት ጠዋት ሰልፍ ላይ ሚኒ ሚዲያው «ታቀቡ! ታቀቡ!» እያለ ይጮኽብናል። ከምን እንደምንታቀብ የነገረን ሰው የለም። ጓደኛዬን ብጠይቃት ድምጿን ዝቅ አድርጋ «ከወንድ ጋር አንድ ለስላሳ በሁለት ስትሮ ከመጠጣት ነው» አለችኝ። በእውነት ነው የምላችሁ፣ ታቀብኩ። ትምህርቴን እስክጨርስ ለስላሳዬን ለብቻዬ ጠጣሁ።

በሃያ ዓመቴ ጅቡቲ ገባሁ፤ ሰው ቤት አዳሪ ሆኜ ልሠራ። የመጀመሪያዎቹ አሠሪዎቼ ፈረንጆች ነበሩ። አንድ ቀን ምሳ ላይ ሰላጣ ይዤ ስገባ ማዳም ሥዕል ያለበት መጽሐፍ ገልጣ ለዘጠኝ ዓመት ልጇ ልጅ እንዴት እንደሚፈጠር ታስረዳታለች። ምሳ ላይ! አባትየው እዚያው ተቀምጦ ዳቦውን እየቆረሰ «ዊ፣ ዊ» ይላል። በስመ አብ ብዬ ሰላጣውን አስቀምጬ ወደ ኩሽና ሮጥኩ። እነዚህ ሰዎች ዓይናቸውን በጨው ታጥበዋል፣ ልጅቷ አሥር ዓመት ሳይሞላት ትበላሽባቸዋለች አልኩ። ዓርብ ላይ ለአገሬ ልጆች ሳወራላቸው ሁላችንም እኩል አማተብን።

ይሁን እንጂ ማዳም ስትወጣ አቧራ ልጥረግ ብዬ ያን መጽሐፍ ከመደርደሪያው ማውረዴ አልቀረም። ፈረንሳይኛ አላነብም፤ ሥዕል ግን ሥዕል ነው። ማሕፀን የት እንዳለ፣ ምን እንደሚያህል፣ ደሙ ከየት እንደሚመጣ ያወቅኩት እዚያ ቆሜ ነው፣ በአንድ እጄ መወልወያ ጨርቅ ይዤ፣ በሃያ አንድ ዓመቴ። የገዛ ሆዴ ውስጥ ያለውን ነገር ከሰው አገር መደርደሪያ ላይ! እንባ እንባ አለኝ። ኀዘን እንዳይመስላችሁ፣ ንዴት ነው። እናቴን፣ አስተማሪዬን፣ ሚኒ ሚዲያውን፣ ሁሉንም አንድ ላይ ሰልፍ አስይዤ ብሳደብ ደስ ባለኝ።

ማዳምም ብትሆን አትመጻደቅ። ከመቀጠሬ በፊት ሐኪም ጋ ወስዳ አስመርምራኛለች፣ እርጉዝ እንዳልሆን። ሐኪሙ ውጤቱን ለእሷ ነገራት እንጂ ለእኔ አልነገረኝም። እሺ በሚል ራሷን ነቀነቀች፣ እኔም ሥራ ማግኘቴን በዚያ አወቅኩ። ለልጇ መጽሐፍ፣ ለእኔ ምርመራ። እኔም ምናልባት ማወቅ የምፈልገው ነገር ይኖራል ብላ አላሰበችም።

እነሆ ዘመኑ አለፈና አሁን ተመላላሽ ነኝ፤ ቀን ቀን ለአንድ ቤተሰብ ምግብ እሠራለሁ፣ ማታ ቤቴ እገባለሁ። ቤቴ ካርቲየ 3 የሚባለው ሰፈር ውስጥ ያለች አንድ ክፍል ናት። በአዳሪነት የሚሠሩ አምስት ሴቶች አብረውኝ ተከራይተዋታል። ከቅዳሜ እስከ ሐሙስ የእኔና የልጄ ናት። ዓርብ እረፍት ስለሆነ ሁሉም ከየአሠሪያቸው ቤት ይመጡና ፍራሽ ለፍራሽ ተነባብረን እንውላለን። ቬንትሌተሩ አንድ ነው፤ ጸጉር የሚሠራው ይሠራል፣ አገር ቤት የሚደውለው ይደውላል፣ ብዙዎቹ ግን ይተኛሉ። ሳምንቱን ሙሉ የሰው ድምፅ ሲጠራቸው የከረሙ ሴቶች ናቸው።

አዲስ ልጅ ከአገር ቤት ስትመጣ ታዲያ ምክር መስጠት የክፍላችን ወግ ነው። መሐል ላይ እናስቀምጣታለን፤ ሁሉም በየተራው ይመክራል። ምክሩን ብትሰሙት! አንዷ «ሎሚ በቡና ጠጪ፣ ምንም አይነካሽም» ትላለች፤ ራሷ አገር ቤት ሦስት ልጆች አሏት፣ ሦስቱም የሎሚ በቡና ልጆች ናቸው። አንዷ ጸልዪ ብቻ ትላለች። አንዷ ደግሞ ዘመናዊ ነኝ ባይ ናት፣ ስልኳን ታወጣለች። ስልክ ውስጥ ነጭ ጋዋን የለበሰ ሰው አለ፤ ሐኪም ይሁን ሥጋ ሻጭ የሚያውቅ የለም፣ ማሕፀን በጥቁር አዝሙድና በማር ይታጠባል ይላል። ድሮ የሚነግርሽ ሰው አልነበረም፤ ዛሬ ያገኘሽው ሁሉ ይነግርሻል። አፍ ሲከፈት ጭንቅላት ይታያል ያለው ሰው የዓርብ ጉባኤያችንን አይቶ መሆን አለበት። እኔ ግድግዳውን ተደግፌ ሁሉንም እሰማና አንድ በአንድ እቦጫጭቃቸዋለሁ። ይስቃሉ። በዚህ ነገር ስም አለኝ፤ «አንቺ ካልመጣሽ ዓርብ አይደምቅም» ይሉኛል።

ልጄ ግን ሌላ ናት። እዚሁ ተወልዳ፣ ከጎረቤት ልጆች ጋር በሶማሊኛ እየተጣላች፣ ከእኔ ጋር በአማርኛ እየተኮራረፈች፣ ትምህርቷን በፈረንሳይኛ እየተማረች አደገች። አንድ ቀን ደብተሯን ሳገላብጥ ማሕፀን ተስሎ አየሁ፣ በቀይና በሮዝ እርሳስ ተቀልሞ፣ ዙሪያውን ቀስት ቀስት ተደርጎበት፣ እያንዳንዱ ስሙ ተጽፎለት።

«ማነው ይሄን ያሳያችሁ?» አልኳት።

«አስተማሪያችን ናት። ሰሌዳ ላይ ሳለችው፣ እኛ ገለበጥነው።»

«ወንዶቹም አሉ?»

«ወዴት ይሄዳሉ?» አለችኝ።

«አልሳቁም?»

«አንዱ ሳቀ። እንግዲያው ውጣና ቀስቶቹን አንተ ሙላ አለችው። አልቻለም፣ ተቀመጠ።»

አስተማሪዋን በር ላይ አይቻታለሁ፤ ሒጃብ የለበሰች፣ ቀጭን፣ ገና ልጅ የምትመስል ሴት። የእኛው ባለ ባቄላ ትዝ አለኝና እግሯን ልስም ምንም አልቀረኝ። ግን ደግሞ ቅናት ቢጤ ጠቅ አደረገኝ። መሐላዬስ? መጀመሪያ ከእኔ አፍ አልነበረም እንዴ?

ሞክሬያለሁ እኮ። አልሞከርኩም ብዬ አልዋሽም። ከሥራ ገብቼ እግሬን ታጥቤ አጠገቧ ቁጭ እላለሁ፤ «ስሚማ ልጄ፣ የእኔ ጊዜ...» ብዬ እጀምራለሁ። ጋሪው ይመጣል። ባለጋሪው እንዴት እንዳፈጠጠ በፊቴ አሳያታለሁ። ባቄላው ይከተላል፣ ለስላሳው ይከተላል። ልጄ ሆዷን ይዛ ትስቃለች፣ እኔም እሷ ስትስቅ ይብስብኛል፣ ራት ይደርሳል። ዋናው ነገር ሳይነገር ይቀራል። ያንን ሦስት ቀን አልነገርኳትም፤ ሞትኩ ብዬ ሳለቅስ ማደሬን አልነገርኳትም። የሚያስቀውን ብቻ ነበር የምነግራት፤ ነገርኳት ብዬም እተኛለሁ። አባቷን ይሄን ነገር አንተም አግዘኝ እንዳልለው፣ ከባድ መኪና ሾፌር ነው፤ በሁለት ሳምንት አንዴ ብቅ ሲል «የሴት ነገር ውስጥ አታስገቡኝ» ብሎ ሽርጡን አገልድሞ ይጋደማል። ሴት ልጅ መውለዱን የረሳ ይመስላል።

ባለፈው ዓመት አንዲት አዲስ ልጅ መጣች። አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ወሎ ውስጥ ካለ ገጠር ወጥታ ሆዳን የሚባል ሰፈር አንድ ቤት አዳሪ ሆና ገባች፣ ዘጠኝ ሰው የሚኖርበት ቤት። ስትናገር መሬት መሬት ታያለች፤ ትልልቆቹን ሁሉ «እትዬ» ትላለች፣ ስትጠራም ብድግ ብላ ነው። ሦስት ወር ሙሉ ዓርብ ዓርብ ጥግ ይዛ ትተኛ ነበር እንጂ አታወራም። አንድ ዓርብ ልጄ እዚያው የቤት ሥራዋን እየሠራች፣ ሴቶቹ ጸጉር እየተሠሩ፣ ይቺ ልጅ ግድግዳው ላይ ፊቷን ደፍታ ተንሰቀሰቀች።

«ምነው? ምን ሆንሽ? ማን ሞተብሽ?» ብለን ከበብናት።

«እትዬ፣ አርግዣለሁ መሰለኝ» አለችኝ። ለእኔ ነው ያለችው፤ ከሁሉም ትልቅ እኔ ነኝ። «ሦስት ወሬ ነው፣ አልመጣም። ማዳሟ ካወቀች ዛሬውኑ ታስወጣኛለች። እናቴ ደግሞ ትገድለኛለች።»

ክፍሉ ታመሰ። ማነው? የቤቱ ልጅ ነው? አባወራው ነው? ራሷን ትነቀንቃለች። ባለ ሎሚዋ «ተናገሪ እንጂ፣ በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም!» ትላለች። በመጨረሻ አፏን በሻሿ ሸፍና «ሾፌሩ» አለች። ከድንበር ወዲህ በከባድ መኪና አሳፍሮ ያመጣት ያገሯ ሰው ነው። ይሄን ጊዜ ሾፌር በሙሉ ተረገመ። የእኔንም ባል ጨምሬ ረገምኩ።

«እንዴት አድርጎ ነው? አስገድዶሽ ነው?» አልኳት።

«ኧረ እሱ ደግ ሰው ነው! አልነካኝም። ደክሞኝ ሲያየኝ ከጋቢናው ኋላ ያለው አልጋ ላይ ተኚ አለኝ። እሱ መሪውን ይዞ ሲነዳ ነበር።»

«እና?»

«እናማ... አልጋው ሞቃት ነበር። እሱ ተኝቶበት ነበር ለካ።»

ከዚያ ሳቁ ፈነዳ። እኔ ደግሞ መሐሉ ላይ ቆምኩ። ልብ በሉ፣ መቀመጫ እያራገብኩ ያደግኩት እኔ! «እሰይ! የተሳቢ ልጅ ልትወልጂልን ነው! መንታ ከሆነ አንዱ መኪናው፣ አንዱ ተሳቢው! ሲወለድ አያለቅስም፣ ጥሩንባ ነው የሚነፋው! ክርስትናውን ፒኬ 12 የከባድ መኪና ማቆሚያው ላይ እንደግሳለን፣ ውኃውን በጄሪካን ከራዲያተር እንቀዳለን!» ሴቶቹ ፍራሽ ላይ ተንከባለሉ። «ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ!» እያልኩ አጨበጨብኩ። ልጅቷ ሻሿን ፊቷ ላይ ሳበችና ተሸፈነች። አየኋት፤ አላቆምኩም። አፌ ከተከፈተ ቶሎ አይዘጋም።

ልጄ እርሳሷን አስቀመጠች። ተነስታ መጥታ ልጅቷ አጠገብ ቁጭ አለችና «እማዬ፣ በቃ» አለችኝ። ከዚያ ወደ ልጅቷ ዞራ በቀስታ «ምን ትበያለሽ እዚያ ቤት?» አለቻት። የተረፈ ሩዝ፣ ቆሜ። «በቀን ስንት ሰዓት ያህል ትተኛለሽ?» አራት ሰዓት፣ ቢበዛ አምስት። «ከመጣሽ ወዲህ ከስተሻል አይደል?» ቀሚሷ እንደሰፋት ልጅቷ አሳየቻት። «እንግዲያው እሱ ነው። ሰውነት ሲራብና ሲደክም የወር አበባ ይቀራል፤ እንዲያርፍ ነው። ሰው ደግሞ ከሙቀት አያረግዝም፤ አልጋም፣ ወንበርም ምንም አያደርግሽም» ብላ እንዴት እንደሚረገዝ ነገረቻት፣ አስተማሪዋ እንደነገረቻት፣ ሳታፍር፣ ሳትስቅ። አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው። ክፍሉ ሁሉ ያዳምጣል፤ ባለ ሎሚዋ ራሷ ጆሮዋን ቀስራ ነበር፣ ለልጆቿ አባት ልትነግረው ይሆናል።

በማግስቱ ልጅቷን ጤና ጣቢያ ወሰድኳት፤ ነርሷ ልጄ ያለችውኑ ደገመችው። እኔም በኩራት ደረቴን ነፋሁ። የማን ልጅ ናት? ማን አስተማራት? እኔ ነኛ! ወሬውን በየሄድኩበት ይዤው ዞርኩ። አሠሪዎቼ ኩሽና ውስጥ ለዘበኛው አወራሁ፣ ሱቅ አወራሁ። ባሌ ሲመጣ ነገርኩት፤ እሱም በሳቅ ፍርስ ብሎ ሲያበቃ ፒኬ 12 ወስዶ ለሾፌሩ ሁሉ በተነው። ልጅቷ «ባለ ተሳቢዋ» ተብላ ቀረች። ዓርብ ሲመጣ እንግዳ ካለ «እስቲ ያቺን ንገሪን» ይሉኛል፣ እኔም እነግራለሁ፣ እሷ እዚያው ተቀምጣ። ፈገግ ትላለች። ፈገግ ስላለች ለምዳዋለች ብዬ ነው። ልጄ ያን ወሬ ስጀምር ደብተሯን ይዛ ደጅ ትወጣለች፤ ይሄንንም ጥናት ወዳ ነው አልኩ።

ልጄ አሥራ ሦስት ሞላት። የእኔ ዕድሜ መሆኑ ነው፣ እዚያ ሽንት ቤት ውስጥ የሞትኩበት። ከእንግዲህማ ጋሪ የለ፣ ባቄላ የለ፣ ቁም ነገሩን እነግራታለሁ አልኩ። አንድ ቅዳሜ ከሥራ አስፈቅጄ፣ ጥሩ ቀሚሴን ለብሼ፣ ምኒልክ አደባባይ ያለ ካፌ ይዣት ሄድኩ። አይስክሬም አዘዝኩላት። ቦርሳዬ ውስጥ ሁለት እሽግ ሞዴስ በጋዜጣ ጠቅልዬ ይዣለሁ፤ በመንገድ ሁሉ ንግግሬን ስለማመድ ነው የመጣሁት። አስተናጋጁ እስኪርቅ ጠበቅኩና ጀመርኩ።

ሁሉንም ነገርኳት። ያን ሦስት ቀን ነገርኳት፤ እህቴንና ጫማዬን ሳይቀር። ለማንም ተናግሬው አላውቅም ነበር። «አንቺ ግን ብቻሽን አትሆኚም። ያ ቀን ሲመጣ ወዲያው ለእኔ ትነግሪኛለሽ፣ እሺ የኔ እናት?» አልኳት።

ልጄ በማንኪያዋ አይስክሬሙን ቆረስ ቆረስ እያደረገች ሰምታ ጨረሰች። እጄን ነካችኝና «እማዬ፣ መጥቶብኛል እኮ» አለችኝ።

«ምን?»

«መጥቶብኛል። ስድስት ወር ሊሆነው ነው።»

መጀመሪያ ያልገባኝ መሰለኝ። «የት? ትምህርት ቤት?»

«እቤት። ዓርብ ነበር። አንቺ በር ላይ ሆነሽ ሴቶቹን እያሳቅሽ ነበር።»

«ታዲያ... ለማን ነገርሽ?»

የዚያችን ልጅ ስም ጠራች፤ የባለ ተሳቢዋን። «እሷ ተኝታ ነበር፣ ቀሰቀስኳት። የሚሆነውን አውቀዋለሁ፣ ተምሬዋለሁ፤ ግን ፈራሁ። እሷም ደነገጠችና አብራኝ አለቀሰች። ከዚያ ተነስታ ሱቅ ሄዳ ገዛችልኝ፣ ቀሚሴንም አጠበችልኝ። ለእማዬ እንዳትነግሪያት አልኳት።»

ስድስት ወር! ስድስት ወር ሙሉ ዓርብ ዓርብ ሰው ፊት ሳስቅባት ያቺ ልጅ ይሄን በሆዷ ይዛ ነበር። አንድ ቃል ብትናገር አፌን ለዘላለም ትዘጋው ነበር፤ አልተናገረችም። ይሄን ነው ማለት የነበረብኝ። ካፌው ውስጥ ከአፌ የወጣው ግን «ለእሷ? አልጋው ሞቆኝ አረገዝኩ ላለችው...» ነው፤ ከንፈሬም ለሳቅ ተዘጋጅቶ ነበር።

ልጄ ማንኪያዋን አስቀመጠች።

«አየሽ?» አለችኝ።

አየሁ። ፊቴ ነደደ። የሠራኋቸው ቀልዶች በሙሉ አንድ ላይ ትዝ አሉኝ። ወንበሬን ጠጋ አድርጌ፣ ድምፄን ዝቅ አድርጌ «የዚያን ዕለት በጣም ፈርተሽ ነበር?» አልኳት። ይሄን ጥያቄ እኔን ማንም ጠይቆኝ አያውቅም፤ እኔም ማንንም ጠይቄ አላውቅም።

ልጄ ከመመለሷ በፊት ቀና ብላ ፊቴን አየችው፣ ልስቅ መሆን አለመሆኔን። አልሳቅኩም። ደግማ አየችኝ።

«ደህና ነበርኩ» አለችኝ፣ ለሩቅ ሰው እንደሚባለው፤ ማንኪያዋንም አንስታ የቀረውን አይስክሬም መብላት ጀመረች።